ልጅዎ ድጋፍ ያስፈልጋታል

ለተወደድሽው እህቴ፣ ለእታለም፤

እንደምን ሰነበታችሁ? አንቺ ራስሽስ እንደምን አለሽ? ሁለቴ የጠየቅሁት የመጀመሪያውን ለቤተሰቡ በሙሉ ወስደሽ «ሁላችንም ደህና ነን» ብለሽ እንደምታልፊው ስለማውቅ ነው። እንቅልፍሽ ተመለሰ ወይ? ባለቤትሽን፣ ጋሼን፣ ያ ሳል ለቀቀው ወይስ አሁንም ሽሮፑን ትራሱ ሥር እየደበቀ «ጠጥቻለሁ» ይላል? መንታዎቹ በደህና ይማራሉ? አማትሽ፣ እሜቴ፣ ዓይናቸው እንዴት ሆነላቸው? ጠዋት ጠዋት የሁላችሁንም ስም እየጠራሁ ለፈጣሪ አደራ እሰጣለሁ። ከመንታዎቹ የትኛውን እንደማስቀድም ግን አልጽፍልሽም፤ ደብዳቤውን ጮክ ብለሽ እንደምታነቢላቸው አውቃለሁና።

እኛ ደህና ነን፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ይህን ቃል እንደ ወትሮው በልማድ የጻፍኩት እንዳይመስልሽ። ጽፌው ብዕሩን አስቀምጬ ትንሽ አየሁት። ደህና ነን። እውነት ነው። ነገር ግን ሰሞኑን የደረሰብኝ ድንጋጤ እስካሁን ከሰውነቴ አልወጣም፤ በር በኃይል ሲዘጋ እንኳ ልቤ ድንግጥ ይላል።

ወደ ነገሩ ከመግባቴ በፊት አንድ ልመና አለኝ። ለልጄ፣ ለልጅሽም ለሆነችው፣ ገዛሁላት ያልሽውን ጫማ፣ ገና ካልላክሽው፣ እባክሽ አትላኪው። ይህን ስታነቢ ፊትሽ ሲለዋወጥ ከዚህ ሆኜ ይታየኛል። እንዳትቀየሚኝ። አንቺ የምትልኪላትን ጫማ እንዴት እንደምትወደው ታውቂያለሽ፤ ከአክስቷ የመጣ ነውና ሌላ ጫማ ቢኖራትም አታደርግም። እኔም ብሆን ሳጥኑ ሲከፈት ጫማውን አንስቼ እንደ ጨርቅ ሁለት ላይ አጥፌ «ጫማ ማለት ይኼ ነው! እግር ላይ መኖሩም አይታወቅ!» እያልኩ ሳደንቅ የኖርኩ ሰው ነኝ። እስከ መጨረሻው አንብቢውና የምትቆጪኝ ከሆነ ያኔ ተቆጪኝ።

ባለፈው እንደጻፍኩልሽ ልጅሽ በትልቁ ሆቴል ወጥ ቤት ለሙከራ ተቀጥራለች። የወጥ ቤቱን ኃላፊ ሠራተኞቹ «ጄኔራል» ይሏታል። ደልደል ያለች፣ ድምፅዋ ከድስትና ከመጥበሻ ጩኸት በላይ የሚሰማ ሴት ናት። የሙከራው ጊዜ እየተገባደደ ሳለ አንድ ቀን ሥራ ቦታ ቆሜ ሳንቃ ስልግ ስልኬ ጠራ። ጄኔራል ናት። «አባት፣ ልጅዎ ድጋፍ ያስፈልጋታል። ነገ ጠዋት ብቅ ቢሉ ጥሩ ነው» አለችኝና፣ እኔ ገና አፌን ሳልከፍት አንዱን ሠራተኛ «ኧረ ሽንኩርቱ አረረ፣ አንተ ሰውዬ!» ብላ ስትጮህበት ስልኩ ተዘጋ።

ድጋፍ። እታለም፣ አንቺ ብትሆኚ ምን ትረጂ ነበር? እኔ ይህን ቃል ዕድሜ ልኬን የሰማሁት ከወረቀት ጋር ነው። ቤት ልከራይ ስል «የድጋፍ ደብዳቤ አምጣ»፣ ልጅ ትምህርት ቤት ላስገባ ስል «የድጋፍ ደብዳቤ አምጣ»። ስለዚህ ልጄን በቋሚነት የሚቀጥሩልኝ ሰው ሲመሰክርላት ነው ብዬ፣ የሥራ ሽርጤን እንኳ ሳልፈታ ወደ አለቃዬ ቢሮ ሮጥኩ። አለቃዬ ልጅሽን ለመጨረሻ ጊዜ ያያት በእንጨት ፍቅፋቂ ስትጫወት በነበረችበት ዕድሜ ነው። እሱ ግን «ለአንተ ልጅማ!» ብሎ ቁጭ አለና ጻፈ። «ታታሪ፣ ታዛዥ፣ በሥነ ምግባሯ የተመሰገነች» አለ። ቀጠለናም «በእንጨት ሥራም መሠረታዊ ዕውቀት ያላት» ብሎ ጨመረበት። «ኧረ ወጥ ቤት ነው የምትሠራው» ስለው «ይኑር፣ ምን ይጎዳል» አለኝ። ማህተሙ አልደምቅ ቢለው ደግሞ መታበት።

በማግስቱ ወረቀቱን ፖስታ ውስጥ ከትቼ፣ የክት ኮቴን ለብሼ፣ በሆቴሉ የኋላ በር ገባሁ። ጄኔራል ተቀብላኝ አነበበች። ቀና ብላ አየችኝ። እንደገና አነበበች። ከዚያ ወደ ሠራተኞቿ ዞራ «በእንጨት ሥራም መሠረታዊ ዕውቀት ያላት» የሚለውን ጮክ ብላ አነበበችላቸውና፣ እታለም፣ እንዲያ ያለ ሳቅ ሰምቼ አላውቅም። በሽርጧ ጫፍ እንባዋን ጠረገች። ድንች የሚልጠው ሰውዬ «ታዲያ ይቺን የተሰበረች በርጩማ ለምን አትጠግንልንም ኖሯል!» አለ። እኔ ምን እንዳጠፋሁ ሳይገባኝ አብሬያቸው ሳቅሁ። ጄኔራል ትንፋሿ ሲመለስላት «አባባ፣ እኔ ድጋፍ ያልኩት ለእግሯ ነው። ይኼን ማህተም እግሯ ሥር ላንጥፍላት?» አለችኝ።

ሳቄ ያኔ ጠፋ። «እግሯ ምን ሆነ?» አልኳት። እጅጌዬን ይዛ ከዕቃ መደርደሪያው ጀርባ አቆመችኝና «ዝም ብለው ይመልከቱ» አለችኝ። ልጅሽ ከማከማቻው ክፍል ከባድ ትሪ ተሸክማ ወጣች፤ እኛን አላየችንም፤ ጀርባዋን ሰጥታን ወደ ምድጃው በኩል ሄደች። ከኋላዋ ሆኜ ስትራመድ ተመልክቻት አላውቅም ኖሯል። ሁልጊዜ የማያት ወደ እኔ ስትመጣ ነው። በዚያ በስሱ ጫማ ውስጥ ቁርጭምጭሚቶቿ በረገጠች ቁጥር ወደ ውስጥ ይወድቃሉ። ተረከዞቿ ቀጥ ብለው አይቆሙም። ጉልበቶቿ ሊጋጩ ይቀራረባሉ። ትሪውን አስቀምጣ ጠረጴዛው ላይ በክርኖቿ ተደገፈችና አንድ እግሯን ከመሬት አነሳች፣ ከዚያ ሌላውን፣ የጋለ ነገር ላይ እንደቆመ ሰው። ጄኔራል ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ከምሳ በኋላማ ግድግዳ እየያዘች ነው የምትሄደው። እጇ ወርቅ ነው፤ በእግሯ ምክንያት እንዳላጣት ብዬ ነው የደወልኩልዎ» አለችኝ።

ግድግዳ እየያዘች። እታለም፣ ይህን ለአንቺ ማስረዳት አይጠበቅብኝም። ባለቤቴን ሕመሙ ሲጀምራት አጠገባችን የነበርሽው አንቺ ነሽ። መጀመሪያ አንድ እግሯ ሰነፈ፤ ጫማዋ ሳይታወቃት እየወለቀ መንገድ ላይ ሲቀር እኛ ሳቅን፤ እሷም ሳቀች። ቀጥሎ ግድግዳ ያዘች። ቀጥሎ አልጋ። ከአልጋው በኋላ የሆነውን አልጽፈውም፤ ዓይኗን የከደንሽው አንቺ ነሽ። እኔም እዚያ መደርደሪያ ጀርባ ቆሜ የታየኝ ይኸው ነው፤ ነገሩ ሁሉ እንደገና ከመጀመሪያው ሲነሳ። መደርደሪያውን ያዝኩ። ጄኔራል «ይቀመጡ፣ ይቀመጡ» ብላ በርጩማ ብትስብልኝ ያችው የተሰበረችው ኖራ ከነኮቴ መሬት ልደርስ ምንም አልቀረኝም። ሰው አልሳቀም። ፊቴን አይተው መሰለኝ።

ልጅሽ ከሥራ እስክትመለስ በቤቱ ውስጥ ስመላለስ ዋልኩ። ስትገባ በሩ ላይ ጠብቄ «ጫማሽን አውልቂ» አልኳት። ቁጣ መስሎ ወጣብኝና ደነገጠች። «ምነው አባዬ?» አለች። «እግርሽን ያምሻል ወይ?» አልኳት። «አያመኝም» አለች ፈጠን ብላ። የእናቷ አመላለስ ነው፤ ጥያቄው ሳያልቅ መልሱ ይደርሳል። ደግሜ ስጠይቃት በሩ ሥር ቁጭ አለችና ፊቷን በእጆቿ ሸፍና «አባዬ፣ እኔንም እንደ እማዬ ሊያደርገኝ ነው» አለችኝ።

ከዚያ በኋላ አላቋረጥኳትም። ሕመሙ ይህን ሥራ ከመያዟ በፊት የጀመራት ነው። ጠዋት ከአልጋ ስትወርድ ተረከዟ መሬት አያስነካትም። የእግሯ የውስጠኛው ጎንና ጉልበቷ ያቃጥላታል። የሕመም ማስታገሻ ሽርጧ ኪስ ውስጥ ይዛ ትውላለች። ሐኪም ዘንድ ያልሄደችው የበሽታውን ስም እንዳትሰማው ፈርታ ነው። «ለእኔ ለምን አልነገርሽኝም?» አልኳት። ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «አንተ ማታ ማታ ስትጸልይ ‹እግራችንን አጽንተህ ያቆምከን› ትላለህ። እኔ እዚያ ላይ አሜን ማለት ያቅተኛል፤ አንተ ደግሞ ድምፄን ትጠብቃለህ።»

ያን ቃል ጸሎቴ ውስጥ ያስገባሁት ባለቤቴ ካረፈች ወዲህ ነው፤ ያለንን እንዳንረሳ ብዬ። ጸሎቴ ለልጄ ጣሪያ የሆናት ይመስለኝ ነበር። ለካ ጣሪያው ዝቅ ብሎባት አንገቷን ደፍታ ነው ከሥሩ የምትኖረው። ያን ቀን ማታ አብረን ስንቆም እዚያ ቃል ላይ ደርሼ ዝም አልኩ። በምን እንደምተካው አላወቅሁም። «አንተ ታውቃለህ» ብዬ ብቻ ጨረስኩ።

በማግስቱ ሐኪም ቤት ሄድን። የተቀበለችን ሐኪም ወጣት ሴት ናት፤ ረጋ ያለች፣ ስታዳምጥ እስክሪብቶዋን የምታስቀምጥ። የባለቤቴን ሕመም ከመነሻው እስከ መጨረሻው አስነገረችኝ። ከዚያ ልጅሽን ባዶ እግሯን በኮሪደሩ ላይ አስኬደቻት፤ በተረከዝሽ ሂጂ፣ በጣቶችሽ ቁሚ፣ በአንድ እግርሽ ቁሚ አለቻት። ወደ ውስጥ ወስዳት በሩን ስትዘጋው እኔ አግዳሚው ላይ ቀረሁ። ምን ብዬ እንደጸለይኩ ልንገርሽ። «የእኔን እግር ውሰድና የእሷን ተውልኝ» አልኩ። ከአፌ ብቻ አልነበረም። ሁለቱን እግሮቼን ቁልቁል እያየሁ እየተሰናበትኳቸው ነበር።

በሩ ሲከፈት ልጅሽ ፊቷ የተምታታ ነገር ሆኖ ወጣች፤ የምትስቅ ይሁን የምታለቅስ አይታወቅም። ሐኪሟ አስገብታ አስቀመጠችኝ። «የእናቷ ሕመም ምልክት አላየሁባትም» አለችኝ። «ጉልበቷ ሙሉ ነው፤ ስሜቷ ሙሉ ነው። ስትረግጥ ግን እግሯ ከሚገባው በላይ ወደ ውስጥ ያጋድላል፤ መሀል እግሯ መሬት ይተኛል። ቀኑን ሙሉ በጠንካራ ወለል ላይ በስስ ጫማ ስትቆም ያ ሁሉ ሸክም ተረከዟና ጉልበቷ ላይ ያርፋል።» ረጅም ስም ነገረችኝ፤ ኦቨርፕሮኔሽን ይባላል አለች። ስሙ እንደ ትልቅ በሽታ አስደነገጠኝና «መድኃኒት አለው?» አልኳት። «መጀመሪያ ጫማ ቀይሩ» አለችኝ።

«ጫማ?» አልኳት።

«ጫማ» አለችኝ። የእግር ማጠንከሪያ እንቅስቃሴም አሳየቻት፤ ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ካልተሻላት ተመለሱ አለች። እኔ ግን እዚያው ነኝ። «ጫማ ብቻ?» ብዬ ደግሜ ጠየቅሁ። እታለም፣ መጀመሪያ የተሰማኝ ደስታ ቢሆን ኖሮ ምንኛ ጥሩ ነበር። አልነበረም። የተሰማኝ እንደ ቁጣ ያለ ነገር ነው። እግሮቼን አሳልፌ ለመስጠት ተሰናድቼ የገባሁ ሰው «ሂድና ጫማ ግዛ» ስባል የተናቅሁ መሰለኝ። ራሴን ጠየቅሁት፤ «አንተ ሰው፣ ልጅህ ዳነች ከሚልህ ይልቅ መሥዋዕትህን የሚቀበልህ ይሻልህ ነበር ወይ?» አልኩት። መልሱን እያሰብኩ ደረጃውን ስወርድ ልጅሽ ክንዴን ይዛ መሳቅ ጀመረች። «ጫማ፣ አባዬ! ጫማ!» እያለች። ከዚያ መሀል ደረጃ ላይ ተቀምጣ አለቀሰች፤ ሰው እየዘለላት ያልፋል። እኔም አጠገቧ ተቀመጥኩ። ያኔ ነው ደስታው የመጣው፣ ዘግይቶ።

ከሰዓት በኋላ ጫማ መሸጫ ገባን። ሐኪሟ «እግር ሲውል ያብጣል፤ ጠዋት የገዛችሁት ማታ ይጠብባታል» ብላን ነው ከሰዓት የሄድነው። የምትሸጠዋ ልጅ ማስቲካ ታኝካለች፤ አፏም እንደ ማስቲካዋ አያርፍም። ልጅሽ የአንቺን ጫማ አውልቃ ስትሰጣት ገለበጠችና ሶሉን አሳየችኝ። የውጭው ጠርዝ ላይ የተጻፈው ጽሑፍ አዲስ እንደሆነ ይነበባል። የውስጡ ጠርዝ ተበልቶ አልቋል። ተረከዙ ወደ ውስጥ ዘሟል። «እኅቴ፣ አንቺ ጫማሽን በግማሹ ነው እንዴ የምትጠቀሚበት?» አለቻት።

እኔም ከመደርደሪያው ለስለስ ያለ አንስቼ እንደ ልማዴ ሁለት ላይ አጥፌ «ይኼስ?» አልኩ። ከእጄ ነጥቃ መለሰችው። «አባባ፣ መሀሉ ላይ የሚታጠፍ ጫማ ለልጅዎ ጠላት ነው። ጣት የሚታጠፍበት ቦታ ላይ ብቻ ይታጠፍ። እንደ ታጠበ ልብስ ይጭመቁት፤ ከተጠመዘዘልዎ ይተዉት። የተረከዙን ጀርባ በጣትዎ ይጫኑት፤ ከታጠፈልዎ ይተዉት» አለችኝ። እታለም፣ የገረመኝ ምን መሰለሽ? ይህን እኔ በሥራዬ አውቀዋለሁ! እግሩ ያዘመመ ጠረጴዛ ቢመጣልኝ ከሥሩ ትራስ አላደርግለትም፤ በዘመመበት በኩል ደገፍ አበጅለታለሁ። እሷ በመጨረሻ ያመጣችው ጫማም የውስጡ ጎን ሲጫኑት ጠንከር ይላል፤ የውጩ ለስለስ ይላል። ጫማ ሆኖ ሳየው ግን ዕድሜ ልኬን ለስላሳው ነው ለልጅ የሚገባው ስል ኖሬያለሁ። ልስላሴ ፍቅር መስሎኝ ነበር። አንቺም እንዲሁ።

ከዚህ በኋላ የሠራሁትን ስትሰሚ ትስቂብኛለሽ። ጠንካራ ከሆነማ ብዬ ከወንዶቹ በኩል ወፍራም የሥራ ቦት ይዤ መጣሁ። ሻጯ ማስቲካዋን ማኘክ አቆመች። «ልጅዎን ሥራ ሊልኩ ነው ወይስ ሊያዘምቱ?» አለችኝ። የሴት ተረከዝ ጠበብ ስለሚል በወንድ ጫማ ውስጥ ይዋልላል፤ ከዋለለ ድጋፉ ምን ይረባል አለች። ሌላ አመጣች፤ መሀሉ ከፍ ያለ ነው። ልጅሽ ስትረግጠው ፊቷ ተጨማደደ፤ «ድንጋይ የገባበት ይመስላል» አለች። እኔ «ይለመዳል» አልኩ። ሁለቱም በአንድነት ዞሩብኝ። ሻጯ «የሚለመድ ጫማ አይሸጥም፤ ገና ሲያጠልቁት ካልተመቸ አይሆንም» አለች። ልጅሽ ደግሞ ቀስ ብላ «አባዬ፣ እኛ ቤት እኮ ሁሉም ነገር ይለመዳል» አለችኝ። ቀልድ ነበር። ግን ወንበሩ ላይ ቁጭ አልኩ።

የተገዛው ጥቁር ነው፤ ክር አለው፤ ሶሉ በረጠበ ወለል ላይ አያንሸራትትም፤ ከፊቱ ጣቶቿ እንደልብ ይዘረጋሉ። የውስጡ ምንጣፍ ይወጣል፤ ሐኪሟ ወደፊት ሌላ ብታዝላት እንዲገባበት። የማያምር መሆኑን አልሸሽግሽም። ልጅሽ መስታወት ፊት ቆማ «ሁለት ጀልባ!» አለች። ግን በሱቁ ውስጥ ወዲያ ስትሄድ ከኋላዋ ሆኜ አየሁ። ተረከዞቿ ቀጥ ብለው ይቆማሉ። አቤት!

አሁን ደግሞ ሌላው ድንጋጤ፤ ይኸኛው አንቺንም ይመለከታል። ሐኪሟ ስንወጣ «የእግር ነገር ብዙ ጊዜ በቤተሰብ ይሄዳል፤ ከእናንተ ወገን እንዲህ የሚረግጥ አለ ወይ?» ብላኝ ነበር። «እናቷ» ልል አፌን ከፍቼ ነበር፤ ነገሩን ሁሉ ከእናቷ ጋር አያይዤው የለ? ቤት ገብቼ የሥራ ጫማዬን ሳወልቅ ዝም ብዬ ገለበጥኩት። እታለም! የውስጡ ጠርዝ ተበልቶ አልቋል። ሌላውን ገለበጥኩ። ያው ነው። ልጅሽ ከበስተኋላዬ መጥታ አየችና «አባዬ፣ ያንተ ነው!» ብላ ጮኸች፤ የጠፋ ዕቃ እንዳገኘ ሰው። ይህን ሁሉ ጊዜ እኔና እሷ ተደብቀን የእናቷን ሞት በእግሯ ውስጥ ስንጠብቅ፣ እግሯ የእኔ ነው። የእኔና የአባታችን። አባታችን ሲራመድ ከኋላ ያየው ሁሉ «ቁርጭምጭሚቶቹ ሊሳሳሙ ነው» እያለ ሲቀልድበት ትዝ ይልሻል? ስለዚህ ይህን ደብዳቤ ስትጨርሺ ጫማዎችሽን ገልብጪልኝ። ያንን ደረጃ ስትወጪ የሚያምሽን ጉልበት «ዕድሜ ነው» እያልሽ ዓመታት አስቆጥረሻል። ዕድሜ ይሁን ሌላ እኔ አላውቅም፤ ሐኪም ይየው።

የገዛሽላትን ጫማ መመለስ ካልቻልሽ እግሯ ለቀና ለሌላ ልጅ ስጪው። ልጅሽ «አክስቴ እንዳይከፋት» ብላ አንቺ ድሮ የላክሽላትን ሁሉ ቁም ሣጥን ውስጥ ደርድራ አስቀምጣቸዋለች፤ ማንም እንዲነካቸው አትፈልግም።

ሕመሙ በአንድ ጊዜ ብን ብሎ የጠፋ እንዳይመስልሽ። የመጀመሪያዎቹ ቀናት እንዲያውም ሌላ ቦታዋን አማት። ጠዋት ጠዋት ደረጃው ጫፍ ላይ ቆመን ተረከዛችንን ከፍ ዝቅ እናደርጋለን፤ ፎጣ መሬት ላይ ዘርግተን በእግር ጣት እንስባለን። ሁልጊዜ ትቀድመኛለች። ጄኔራል ሙከራዋን ገና ባትፈርምላትም «ይቺን ልጅ የሚነካብኝ የለም» ትላለች አሉ። ግድግዳ መያዙ ቀርቷል።

ባለፈው ሐሙስ ምን ሆነ መሰለሽ? ወንበር ላይ ሆኜ መጽሐፌን ሳነብ የውጭው በር ተበረገደ። ልጅሽ ገና ሳትገባ፣ ጎረቤት ሁሉ እስኪሰማ ድረስ «አባዬ! ዛሬስ ተረከዜን ገደለኝ! ና ይኼን ጀልባ ፍታልኝ!» ብላ ጮኸች። መጽሐፉን ጥዬ ሄድኩ። ፊቷ ተንበርክኬ ክሩን ስፈታ ከንፈሬን መሰብሰብ አቃተኝ። «ምን ያስቅሃል? አሞኛል እኮ ነው የምልህ!» አለችኝ ተናድዳ።

«ደግመሽ በዪው» አልኳት።

ጋሼን አክብሬ ሰላም እላለሁ፤ ሽሮፑን በአንቺ ፊት ይጠጣ። እሜቴን ጉልበታቸውን ስሜያለሁ፤ ዓይናቸውን እግዚአብሔር ያብራላቸው። ታላቁን መንታና ታናሹን መንታ እኩል አቅፌ ስሜያቸዋለሁ፤ ለጎረቤትሽ ለልብስ ሰፊዋ፣ ያን ጊዜ ባለቤቴን ስታስታምሚ ቤትሽን ለጠበቀችልሽ፣ ሰላምታዬን ንገሪልኝ። ልጅሽ ጉንጮችሽን ሁለቱንም ስማለች፤ «ጫማዋን ገልብጣ ሶሉ ላይ ያየችውን ትጻፍልኝ» ብላለች። አንቺን ደግሞ እኔ፣ ታናሽ ወንድምሽ፣ ከነጉልበትሽ ያቆይልኝ እያልኩ እሰናበትሻለሁ።

ከቤታችን፣ ከመስኮቱ ሥር
እሑድ ከቀትር በኋላ፣ ጥቅምት 24 ቀን